ከዋናው አይቀነስም

አገርነሽ አባቷ ስሙኒ ሲመጸወቱ መኪና ውስጥ ተቀምጣ አየች።

የካቲት ነው፣ ዓርብ ከሰዓት በኋላ። የምታስተምርበት የዳባት ትምህርት ቤት ዲሬክተር አቶ ይግዛው ለሥራ ወደ ደባርቅ ሲመጡ በላንድሮቨር አሳፍረዋት ነበር። «ከነሻንጣሽ በእግርሽ አትሄጂም፤ በር ድረስ ላድርስሽ» አሏት። እሷም ከአውራ ጎዳናው ዳር ያለውን ባለ ቆርቆሮ ቤት በጣቷ አሳየቻቸው። አራት ክፍል ያለው፣ ግቢው ሰፊ፣ ሊማሊሞን የወጡ የጭነት መኪኖች የሚያድሩበት ቤት ነው። ዳባት በመምህራን ክፍል ውስጥ «የአባቴ ቤት» እያለች ስታወራ ከርማለች። ውሸት አልነበረም፤ ቤቱን የሠሩት አባቷ ናቸው። ያላወራችው ነገር ቢኖር አባቷ ቤቱ ውስጥ አለመኖራቸውን ነው።

አቶ ይግዛው ክላክስ አደረጉ። የእንጨቱ በር ተከፈተና አሮጌ የወታደር ካፖርት የደረቡ፣ ዱላ የያዙ ሽማግሌ ለማንም ሾፌር እንደሚያደርጉት ጎንበስ ብለው ወደ ዳር ቆሙ። አቶ ይግዛው እጃቸውን በመስኮቱ አውጥተው፦

«እንካ አባባ፣ ጠላ ጠጣበት» አሏቸው።

ሽማግሌው በሁለት እጃቸው ተቀበሉ። «እግዜር ይስጥልኝ ጌታዬ» ብለው ቀና ሲሉ በወዲያኛው መስኮት ልጃቸውን አዩ። ፊታቸው በራ። አፋቸውን ከፈቱ።

«ዘበኛችሁ ጨዋ ሰው ይመስላል» አሉ አቶ ይግዛው።

«አዎ» አለች አገርነሽ።

አንዲት ቃል ናት። አቶ ዝናቡ የከፈቱትን አፍ መልሰው ገጠሙ። ልጃቸውን አዩ፣ አዲሱን ካፖርቷን አዩ፣ መኪናውን አዩ። ከዚያ ዞረው መጡና ሻንጣዋን ከኋላ ወንበር አንሥተው፣ ዘበኛ እንደሚያደርገው አንድም ቃል ሳይተነፍሱ ወደ ውስጥ ይዘውላት ገቡ።

«እሑድ ከሰዓት ስመለስ እወስድሻለሁ» ብለው ዲሬክተሩ ሄዱ።

አቶ ዝናቡ የሚኖሩት ከግቢው ጥግ ባለችው ማድቤት ነው። ነገሩ የዐሥራ አንድ ዓመት ነገር ነው። አገርነሽ ስድስተኛ ክፍልን አንደኛ ወጥታ ስትጨርስ ደባርቅ ላይ ሰባተኛ ክፍል አልነበረም። ጎንደር ወርዶ ለመማር የቤት ኪራይ፣ ስንቅ፣ ልብስ ያስፈልጋል። እናቷ ስንቄ የሞተችው በዚያው ዓመት ነው። አባቷ በሦስት በቅሎ ወደ ጃናሞራ ጨውና ጨርቅ እየጫኑ የሚተዳደሩ ሰው ነበሩ፤ ተቀማጭ የሚባል ነገር አያውቁም። የነበራቸው ቤት ነው። ቤቱን ለነጋዴው ለአቶ ላቀው በሦስት መቶ ብር በወለድ አገድ ሰጡ።

ወለድ አገድ የአገር ልማድ ነው። አበዳሪው ወለድ አይቆጥርም፤ ስለዚህ አራጣ በላ አይባልም፣ ካህንም አይወቅሰውም። በወለዱ ፈንታ ቤቱን ይይዛል፣ ያከራያል፣ ኪራዩን ይወስዳል። ባለቤቱ የተበደረውን ዋና ገንዘብ ይዞ በመጣ ቀን ቤቱን ይረከባል። ካልመጣ ቤቱም እዚያው ይቆያል፣ ኪራዩም መበላቱን ይቀጥላል።

አቶ ላቀው ባለቤቱን ከግቢው አላስወጣም። «በሩን ለመኪና እየከፈቱ ማድቤቷ ውስጥ ይኑሩ» አላቸው። አገርነሽ ለክረምት በመጣች ቁጥር «አባዬ፣ ቤቱስ?» ትላለች። አባቷም «ግድ የለሽም፣ ራሱን በራሱ እየከፈለ ነው» ይሏታል። እሷም ደግማ አትጠይቅም። አለመጠየቁ ይቀላት ነበር።

ያን ዕለት አቶ ዝናቡ ስለ መኪናውም፣ ስለ ዘበኛውም ምንም አልተናገሩም። ስሙኒዋን ከጨው ዕቃው አጠገብ መደርደሪያው ላይ አስቀመጡ። አገርነሽ ይቅርታ ለማለት ቃል ስትፈልግ እሳቸው ቀደሟት። ደስታ ያፈናቸው ይመስሉ ነበር።

«እንግዲህ ቀኑ ደረሰ» አሉ። «ከነገ ወዲያ፣ እሑድ፣ ከቅዳሴ በኋላ ሚካኤል ደጀ ሰላም ሽማግሎች ይቀመጣሉ። ሰው ልልክብሽ ስል ራስሽ መጣሽ።»

«የምን ሽማግሌ ነው አባዬ?»

«የላቀው ነዋ! የዚያ ሌባ።» ተከራዮቹ እንዳይሰሙ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ትምህርትሽን እንዳላውክ ብዬ ነው እንጂ ስምንት ዓመቴ ከሱ ጋር ስሟገት። ኪራዩ በወር ስምንት ብር ነበር። ሦስት መቶ ብር በሠላሳ ስምንት ወር ያልቃል። በየወሩ በሚካኤል ቀን አንዳንድ ጠጠር እዚች ገንቦ ውስጥ ጣልሁ። ሠላሳ ስምንት ሲሞላ ሄጄ ‹ቤቴን› አልሁት። ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? ‹ሦስት መቶ ብሬን›! ወረቀቱን አውጥቶ በጸሐፊ አስነበበብኝ፤ ኪራዩ ከዋናው አይቀነስም ይላል አለኝ። እኔስ እሺ መሀይም ነኝ፤ ልጄም መሀይም ናት? ልጄ ያነበበችልኝ ወረቀት እንዲህ አይልም። ሌባው ወረቀቱን ለውጦታል።»

አገርነሽ የካፖርቷን ቁልፍ ይዛ ቀረች።

«‹ልጄ ዩኒቨርሲቲዋን ትጨርስና መጥታ ፊትህ ታነበዋለች› አልሁት። ገበያም ላይ አልሁት፣ ሰንበቴም ላይ አልሁት። መጀመሪያ ይስቅ ነበር፤ አሁን አይስቅም። ደከመው መሰለኝ፤ ‹ዝናቡና ልጁ ወንጌል ጨብጠው ወረቀቱ ይኸ አይደለም ብለው ከማሉ፣ ያለ አንድ ሳንቲም ቤቱን እለቃለሁ› ብሎ ለሽማግሎቹ ቃል ሰጠ። እንግዲህ ምን ቀረ? አንቺ አለሽ። ያነበብሽው አንቺ ነሽ።»

ያነበበችው እሷ ነች። አንድም ነገር አልረሳችም።

ነሐሴ ነበር፤ ዝናብ ያባራበት ምሽት። አቶ ላቀው ውሉን ካጻፈ በኋላ «ቤትዎ ይውሰዱትና ልጅዎ ታንብብልዎ፤ ከተስማማዎ ነገ ይፈርማሉ» ብሎ ሰጥቷቸው ነበር። እንዲህ የሚያደርግ አበዳሪ ብዙ አይገኝም። በዚያ ዘመን የቤቱ ዓይን ፊደል የቆጠረው ልጅ ነው፤ አዋቂው የሚያመጣው አውራ ጣቱን ብቻ ነው። የዐሥራ ሦስት ዓመቷ አገርነሽ ደጃፍ ላይ ጧፍ ይዛ ቆማ፣ ትምህርት ቤት ሰልፍ ላይ እንደምታነበው ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ማንበብ ጀመረች። ስለ ግቢው ስፋት አነበበች። ስለ ምስክሮቹ አነበበች። ቀጥሎ የመጣውን መስመር በአንድ ትንፋሽ አለፈችው።

«ቆይ፣ ቆይ» አሉ አባቷ። «ኪራዩን ምን ይላል?»

መስመሩን ተመለከተችው። «የቤቱ ኪራይ በወለዱ ፈንታ የያዡ ነው፤ ከዋናው ገንዘብ አይቀነስም። ያዡ ለቤቱ ማደሻ ያወጣው ወጪ በዋናው ላይ ይታከላል» ይላል። መቀነስ የሦስተኛ ክፍል ትምህርት ነው። አይቀነስም ማለትን ታውቃለች። ደግማ፣ ቀስ ብላ ብታነበው አባቷ ወረቀቱን አጥፈው እንደሚመልሱትም አወቀች። ጓደኛዋ ማንጠግቦሽ ሰኞ ዕለት በአውቶቡስ ጎንደር ወርዳለች። እሷ ያላት ጊዜ ሁለት ሳምንት ነው።

«ኪራዩ ዕዳውን ይከፍላል ይላል» አለች።

አባቷ በጣቶቻቸው ቆጠሩ። እናቷ ከሞተች ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቁ። «ሦስት ዓመት ከሁለት ወር! አንቺ ዐሥረኛ ስትገቢ ቤታችን ይመለሳል!» በማግሥቱ ጸሐፊው «ተነቦልዎታል?» ሲላቸው «ልጄ አንብባልኛለች» ብለው አውራ ጣታቸውን ቀለም ውስጥ ነከሩ።

ከዚያ በኋላ ባሉት ዓመታት አገርነሽ ለራሷ ያስጠናችው ሌላ ነው፦ ልጅ ነበርኩ፣ አልገባኝም ነበር። አንድን ነገር ብዙ ጊዜ ለራስ ከነገሩት ይለመዳል። ባለፈው ኅዳር ለሰባተኛ ክፍል የወለድ ሒሳብ ስታስተምር እንኳ፣ «ሦስት መቶ ብር» ብላ ሰሌዳው ላይ የማንም ሰው ዕዳ አስመስላ ጻፈች።

ቅዳሜ ጧት አባቷ በቅሎ ሊያጠጡ ሲወጡ (ከሦስቱ የቀረችው አንዲቷ ናት) የእናቷ ወፍጮ ላይ ተቀምጣ የተማሪ ደብተር ገለጠች። ተከራዮቹን ጠይቃ ነበር። ኪራዩ የመጀመሪያዎቹን አምስት ዓመታት ስምንት ብር፣ መኪናው ከበዛ ወዲህ ባሉት ስድስት ዓመታት ዐሥራ አምስት ብር ነው። የመጀመሪያው አራት መቶ ሰማንያ፣ ሁለተኛው ሺህ ሰማንያ፤ በድምሩ ሺህ አምስት መቶ ስድሳ። ቤቱ መጀመሪያ የሣር ክዳን ነበር፤ ቆርቆሮ ያለበሰው ላቀው ነው። ወጥታ ከግቢው ሆና ቆርቆሮውን ቆጠረች፦ አርባ ቆርቆሮ፣ አንዱ በሦስት ብር ከሃምሳ፣ መቶ አርባ ብር። ዋናው ሦስት መቶ ብር ደግሞ አንዲት ሳንቲም ሳይነካ ከነነፍሱ አለ። ደመረችው። ሁለት ሺህ ብር።

ሦስት መቶ ብር ሁለት ሺህ ሆነ። ይህን ሒሳብ ለመሥራት አራት ደቂቃ አልፈጀባትም። ከሁሉ ያሳፈራት ደግሞ ሌላ ቁጥር ነው። የወር ደመወዟ አራት መቶ ሃምሳ ብር ነው። ዋናውና ቆርቆሮው አንድ ላይ የእሷን የአንድ ወር ደመወዝ አያክሉም። ሥራ ከጀመረች አምስት ወሯ ነው። በመጀመሪያው ደመወዟ የገዛችው ካፖርት ነው።

ያጠራቀመችውን ብር ይዛ መጥታ ነበር፤ ለአባቷ በቅሎ ልትገዛ። አራት መቶ አርባውን ቆጥራ ፖስታ ውስጥ ከተተችና ወደ አቶ ላቀው ሱቅ ሄደች።

አቶ ላቀው ስድሳ ዓመት ሳይሞላው አይቀርም፤ የመነጽሩ እግር ተሰብሮ በክር ታስሯል። የሚስማር ሣጥን ላይ ተቀምጦ ላምባ ይቀዳ ነበር።

«ኧረ ዲግሪዋ መጣች!» አለ። «ግቢ፣ ግቢ። ከወዲሁ ልታስፈራሪኝ ነው?»

«ልከፍልዎ ነው የመጣሁት።» ፖስታውን ባንኮኒው ላይ አኖረችው። «አራት መቶ አርባ ብር ነው። ዋናውና የቆርቆሮው። ይውሰዱትና የነገው ሽምግልና ይቅር።»

ላቀው ላምባውን ከደነ። እጁን በጨርቅ ጠረገ። ፖስታውን አልነካም።

«የቆርቆሮውን በምን አወቅሽ?»

አገርነሽ ፖስታውን ወደ እሱ ገፋ አደረገችው።

«አባትሽ ‹ልጄ ያነበበችልኝ ወረቀት ላይ ይህ መስመር የለም› ይላሉ። የማደሻውም ወጪ ያለው እዚያው መስመር ላይ ነው። ለእሳቸው የቆርቆሮ ዋጋ አንሥቼባቸው አላውቅም፤ ማን ነገረሽ? አንቺ የሌለ መስመር ሒሳብ ሠርተሽ መጣሽ።»

ላቀው አልጮኸም፤ ቢጮኽ ይሻላት ነበር።

«ታውቂው ነበር» አለ።

«ብሩን ይውሰዱ፣ አቶ ላቀው። እባክዎ።»

«ብሩንማ እወስዳለሁ፤ የኔ ነው። ስምንት ዓመት ሌባ የተባልሁትን ግን በየትኛው ባንክ ትመነዝሪልኛለሽ? ለልጄ ለሸጊቱ ሽማግሌ የላኩ ሰዎች ‹አባቷ ወረቀት ለዋጭ ነው ይባላል› ብለው ከመንገድ ተመለሱ። ልጄ እስካሁን እቤቴ ናት። ታውቂያታለሽ አይደል? አንድ ክፍል ነበራችሁ።»

«አውቃታለሁ።»

«ነገ አምጭው፣ እዚያው፣ ሰው ፊት።»

«አባቴ ቢምሉስ?»

«ይማሉ። እኔ እለቃለሁ ብያለሁ፤ ቃሌን አላጥፍም። አንቺ ግን አጠገባቸው ትቆሚያለሽ።»

ስትመለስ አባቷ ጋቢያቸውን አጥበው አጥሩ ላይ አስጥተው፣ ራሳቸው ደግሞ እግራቸውን በገል እየፈተጉ ነበር። ጎረቤታቸው ካሴ በአጥሩ ላይ አንገቱን አስግጎ ያወራል።

«ዝናቡ! ነገ ባለቤት ልትሆን ነው አሉ። በሩንስ ማን ይክፈትልን?»

«ላቀውን እቀጥረዋለሁ!» አሉ አቶ ዝናቡ።

«ስንት ትከፍለዋለህ?»

«ምን ክፍያ ያስፈልገዋል? ማድቤቷን እለቅለታለሁ!»

ሁለቱም እስኪያስላቸው ሳቁ። ካሴ አገርነሽን ሲያይ «የኛ ጠበቃ! የተማረ ይግደለኝ ያለው ማን ነበር?» አላትና አንገቱን መለሰ።

እሷም አባቷ አጠገብ ቁጢጥ አለች። «አባዬ፣ እኔ ልክፈለው። ብር ይዣለሁ። መሐላው ይቅርብን።»

የአቶ ዝናቡ እጅ ቆመ። «የተከፈለ ዕዳ ሁለት ጊዜ ይከፈላል? ያኔ እኮ እኔ ቀጣፊ እሱ እውነተኛ ሊሆን ነው። ስምንት ዓመት ያወራሁት ውሸት ነው ማለት ነው። አይሆንም። ብርሽን ለራስሽ አድርጊው።» ከዚያ ቀስ ብለው፣ እግራቸውን እያዩ «ከዚህ በኋላ ያ ጌታ ሲያመጣሽ የማፍሪበት ነገር አይኖርም» አሉ።

አገርነሽ ገሉን ከእጃቸው ተቀብላ እግራቸውን ትፈትግላቸው ጀመር።

እሑድ ቅዳሴ ወጣ። ደጀ ሰላሙ አጠገብ፣ የወይራው ጥላ ሥር፣ አባ ተክለ ማርያም ወንጌሉን በጨርቅ ሸፍነው ተቀምጠዋል። የሽማግሎቹ አፈ ጉባኤ አቶ ክንዴ ናቸው። የተቀመጠው ሽማግሌ አራት ነው፣ የቆመው ሰው ግን መቶ ይሆናል። ነጩን ጋቢ ለብሰው አቶ ዝናቡ ሌላ ሰው መስለዋል። ላቀው ብቻውን በወዲያ በኩል ቆሟል።

አቶ ክንዴ ወረቀቱን አገርነሽ እጅ ላይ አኖሩት። «በይ ልጄ፣ ሁላችንም እንስማ።»

ወረቀቱ እንደዚያው ነው። ጠርዙ ላይ የሰም ጠብታ አለ፤ እሷ ራሷ ያንጠባጠበችው። ከግርጌው የአባቷ አውራ ጣት ሰማያዊ ቀለም አለ። ስለ ግቢው ስፋት አነበበች። ስለ ምስክሮቹ አነበበች። መስመሩ ደረሰ፤ ይኸን ጊዜ ቀስ ብላ አነበበችው።

«እሱ ነው!» አሉ አቶ ዝናቡ። «እሱ ነው የተጨመረው! ሰማችሁ?»

«ይቆዩ» አሉ አቶ ክንዴ። «አገርነሽ፣ ያኔ ለአባትሽ ያነበብሽው ወረቀት ይኸ ነው ወይስ ሌላ?»

አባ ተክለ ማርያም የወንጌሉን ጨርቅ ገለጡ። የአባቷ እጅ ሳይጠሩት ወደ ወንጌሉ ሄደ። የሻከረ፣ በጭነት ገመድ የተላጠ እጅ ነው። አገርነሽ እጇን በእጃቸው ላይ ጫነችና ያዘችው።

«አይማሉ አባዬ» አለች። «ወረቀቱ ይኸው ነው።»

ወደ ሽማግሎቹ ዞረች።

«ይኸ መስመር ያኔም ነበረበት። አነበብሁት። አባዬ ደግመው ኪራዩን ምን ይላል አሉኝ። እኔ ዋሸኋቸው። ኪራዩ ዕዳውን ይከፍላል ይላል አልኋቸው።» እዚህ ላይ ልታቆም ትችል ነበር፤ ልጅ ነበርኩ የሚለው ቃል አፏ ላይ ነበር። ዋጠችው። «አልገባኝም ነበር እንዳልል ገብቶኛል። ጎንደር መሄድ ስለፈለግሁ ነው። አቶ ላቀው ምንም አልለወጡም። አባቴም አልዋሹም፤ እኔ የነገርኋቸውን ነው ሲናገሩ የኖሩት።»

ከኋላ የካሴ ድምፅ መጣ፤ እንደ ትናንቱ ግን አይስቅም። «የተማረ ይግደለኝ እንል ነበር። ገደለቻቸው።»

አቶ ዝናቡ እጃቸውን ከእጇ ሥር አወጡ። አላዩዋትም። ሰው መንገድ እየለቀቀላቸው ወደ ቅጥሩ ሄዱና ከካቡ ላይ የወደቀ ድንጋይ ጎንበስ ብለው አነሡ። ለምን እንደሆነ ሁሉም ገባው። በሰው ስም ላይ ያጠፋ ሰው ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ ከበደለው እግር ሥር ይቅርታ ይለምናል።

አገርነሽ ሮጣ ደረሰችባቸው። «ድንጋዩ የኔ ነው አባዬ። ለኔ ይስጡኝ።»

«የሰደብሁት እኔ ነኝ» አሉ። ድንጋዩን አልለቀቁላትም።

እሷም ሌላ ድንጋይ ከካቡ አወጣች። ከበዳት። የካፖርቷ ትከሻ ላይ አስቀመጠችውና፣ ሰው ሁሉ እያየ፣ አባቷን ተከትላ ሄደች። ሁለቱ ጎን ለጎን ላቀው ፊት ጎነበሱ። የደጀ ሰላሙን ጠጠር ብቻ ነበር የምታየው። በልማዱ ይቅር ባዩ ወዲያው «አውርዱ» ይላል። ላቀው ግን ቆየ። ከልማዱ በላይ ቆየ። ከአጠገቧ የአባቷን ትንፋሽ ሰማች።

«ለእግዜር ብዬ ይቅር ብያለሁ» አለ በመጨረሻ። «አውርዱ።»

ብሩን አባ ተክለ ማርያም ቆጥረው ሰጡት፤ ከነቆርቆሮው፣ አራት መቶ አርባ። ላቀው አንድ ብር አልተወም፣ አንድ ብር አልጨመረም። ተከራዮቹ በወሩ መጨረሻ እንዲወጡ ተስማምተው ሽማግሎቹ መርቀው ተነሡ። ወረቀቱን አቶ ክንዴ ለአቶ ዝናቡ ሲሰጧቸው፣ በሁለት እጃቸው ተቀበሉት፤ ያችን ስሙኒ እንደ ተቀበሉት።

እስከ ቤት ድረስ አባቷ ፊት ፊት ሄዱ። ማድቤት ገብተው ጋቢያቸውን አጣጥፈው ሰቀሉና የድሮውን ካፖርት ደረቡ። ገንቦዋን ከጥግ አውጥተው ጠጠሮቹን መሬት ላይ ገለበጧቸው። ከሠላሳ ስምንቱ በኋላም መጣል አላቋረጡም ነበር። ብዙ ነበሩ።

«በጠቅላላው ስንት ወሰደብን?» አሉ ወደ ጠጠሮቹ እያዩ።

«ሁለት ሺህ ብር።»

«ስምንቱን ዓመት ደምረሽ?»

«እሱን አልደመርሁትም» አለች።

ራሳቸውን ነቀነቁ። አገርነሽ «ያኔ ትክክሉን ብነግርዎ አይፈርሙም ነበር» አለች። ጥያቄ ነበር፤ ግን እንደ ጥያቄ ለመጠየቅ ድፍረቱ አልነበራትም።

አቶ ዝናቡ አንድ ጠጠር አንሥተው አገላበጡ።

«እንጃ» አሉ። «ከሚካኤል ስንወጣ ጀምሮ እሱን ነው ራሴን ስጠይቅ የመጣሁት። አላውቀውም።»

ከዚያ ሁለቱም ጠጠሮቹን አንድ ላይ ለቅመው ወደ ደጅ ጣሉ።

ከሰዓት በኋላ ክላክስ ተሰማ። አቶ ዝናቡ ከልማድ ተነሡ፣ ዱላቸውንም አነሡ።

«ይቀመጡ አባዬ» አለች። «እኔ እከፍታለሁ።»

«ቆይ» አሉና ከመደርደሪያው ስሙኒዋን አንሥተው መዳፏ ላይ አኖሩላት።

በሩ ከባድ ነው፤ ከመሬት ከፍ አድርጎ መግፋትን ይጠይቃል። አቶ ይግዛው ከመኪናቸው ሆነው ጀርባዋን አዩ፣ የካፖርቷን ትከሻ አዩ፣ የድንጋይ አፈር ነበረበት።

«ምነው ዘበኛው የት ሄደ?»

ወደ መስኮቱ መጣችና ስሙኒዋን ዘረጋችላቸው። ፊቷ ይቃጠል ነበር፤ ግን አላቀረቀረችም።

«ዓርብ ዕለት ለአባቴ የሰጧቸው ነው» አለች። «አባቴ ናቸው። አዎ ያልሁዎት ውሸቴን ነው።»

አቶ ይግዛው ሳንቲሟን አዩ፤ ሊቀበሏትም፣ ላይቀበሏትም አቃታቸው። ሞተሩን አጠፉ። ባርኔጣቸውን አውልቀው ወረዱ። አቶ ዝናቡ በማድቤቱ በር ላይ ቆመው፣ እንግዳ ለመቀበል ካፖርታቸውን እየቆለፉ ነበር።

«ይግቡ እንጂ ጌታዬ» አሉ። «ትልቁ ቤት ገና ሰው አለበት።»

«ማድቤት ነው» አለች አገርነሽ። «ጎንበስ ብለው ይግቡ፤ በሩ ዝቅተኛ ነው።»